ሱማ ከበሮ ተሸክማ በአባቷ ደጅ ያለፈች ዕለት

ጥድ የሚባለው የሕዝብ መታጠቢያ ቤት ባለቤት ልጅ ሱማ እጇ አርፎ አያውቅም ነበር። መግቢያው ላይ ባለችው ከፍ ያለች መቀመጫ ላይ ትሰየምና፣ በግራ የሚገቡትን ሴቶች በቀኝ የሚገቡትን ወንዶች እየተቀበለች፣ በአንድ እጇ ሳንቲም ትሰበስባለች፤ በሌላው የእንጨት ባልዲ ትመታለች። ባልዲ ስታጣ የመቀመጫውን ጠርዝ፣ ጠርዙ ሲሰለቻት የገዛ ጉልበቷን። እናቷ እትዬ ኢሶ፣ «ይቺ ልጅ ሆዴ ውስጥ ሳለችም እንዲሁ ነበር የምታደርገኝ፤ ሐኪሙ ጆሮውን አስጠግቶ ሰምቶ ሳቀ» ይሉ ነበር።

እኔ ያን ጊዜ አዲስ ሙሽራ ነኝ። ባሌ የእንጨት ጫማ ሠሪ ነው፤ ሱቃችን ኦሳካ ከተማ፣ ቴንማ ሰፈር ውስጥ፣ ከመታጠቢያ ቤቱ ፊት ለፊት። ኦሳካ ውስጥ ሰው ሳይቀልድ ሰላምታ አይሰጥም፤ በሰፈራችን የማይቀልደው አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ እሱም የሱማ አባት ጋሼ ቶኩጂሮ። «ሞቋል» እና «ዘግተናል» ከሚሉት ቃላት በቀር ሌላ ሲወጣው የሰማ ጥቂት ነው። በወጣትነቱ ከኖቶ ባሕር ዳርቻ እሳት ሊያነድ መጥቶ፣ ቤቱ ወንድ ልጅ ስላልነበረው ከእትዬ ኢሶ ጋር ተጋባና የሚስቱን ቤት ስም ወረሰ። አሁን ደግሞ እሱም ወንድ ልጅ የለው። ያለችው ሱማ ብቻ ናት። እሳቱን የሚያነደውና የደንበኛ ጀርባ የሚያሸው ሴይሳኩ የሚባል ጎልማሳ ነው፤ እሱም የኖቶ ልጅ፣ እሱም ሠራተኛ፣ እሱም ዝምተኛ። ለጋሼ ቶኩጂሮ ከዚህ በላይ ምን ማሰብ ያስፈልጋል? ሴይሳኩ ሱማን ያገባል፣ ስሙን ይወርሳል፣ ጭስ ማውጫው ይጨሳል፤ አለቀ።

አላለቀም። በዚያ ጸደይ አንድ ሽማግሌ ወገቡን ይዞ እያቃሰተ መጣ። ሃንጎሮ ይባላል፤ የጎዳና ማስታወቂያ ጓድ አለቃ ነው። እኛ ቺንዶን የምንላቸው ናቸው፤ ቺን ሲል ጸናጽሉ፣ ዶን ሲል ከበሮው። ፊታቸውን ነጭ ተቀብተው፣ የቲያትር ልብስ ለብሰው፣ አዲስ የተከፈተ ሱቅ ሁሉ እየቀጠራቸው በየሰፈሩ የሚዞሩት። ሃንጎሮ ከበሮውን ደረቱ ላይ እንዳንጠለጠለ ከድልድይ ደረጃ ተንሸራቶ ነበር። ሙቁ ውሃ ውስጥ እስከ አንገቱ ገብቶ ዓይኑን እንደጨፈነ፣ በድንገት «ማነው የሚመታው?» አለ።

«የቤቱ ልጅ ናት፤ ይቅርታ ያድርጉላት» አለ ጀርባውን ሊያሽለት የቀረበው ሴይሳኩ።

«የምን ይቅርታ! ልብስ አቀብለኝ!»

ከወገብ በታች ፎጣ ታጥቆ፣ ውሃ እያንጠባጠበ መቀመጫዋ ሥር ቆመ። ወገቡን ረስቶታል። «የኔ ልጅ፣ ነገ ጠዋት ሥራ አለሽ?»

መታጠቢያ ቤቱ የሚከፈተው ከሰዓት በኋላ ነው። ሱማ ጠዋት ሥራ አልነበራትም።

በማግስቱ ለእናቷ ስፌት ልማር ነው ብላ ወጣች። በሳምንቱ ማብቂያ መላው ቴንማ ስፌቱ ከበሮ መሆኑን ያውቅ ነበር፤ ከአባቷ በስተቀር። ከጓዱ ጋር ክላርኔት የሚነፋው ኩራታ ቀድሞ በሲኒማ ቤት ድምፅ አልባ ፊልሞችን በሙዚቃ የሚያጅብ ሰው ነበር። «ፊልሙ መናገር ሲጀምር እኛ ዝም በሉ ተባልን» ይል ነበር እየሳቀ። ሱማ አብራው ስትመታ መጀመሪያ ቀን ሳቋን መቆጣጠር አቅቷት፣ ነጩ ቀለም በእንባ ተሸነታትሮ የሜዳ አህያ መሰለች አሉ። እኔ በሁለተኛው ቀን ዓሣ ልገዛ ወጥቼ አየኋት። ቀይ ኪሞኖ ለብሳ፣ ራሷ ላይ የወረቀት አበባ፤ ጎረምሶች ይከተሏታል፣ ውሻ ይከተላታል፣ አንድ መነኩሴ እንኳ ሳያውቀው በምቱ ይራመዳል። ዓሣውን ሳልገዛ ተመለስኩ።

ጋሼ ቶኩጂሮ የጋብቻውን ነገር በእራት ላይ ተናገረ። ይህን በማግስቱ የነገሩኝ እትዬ ኢሶ ናቸው።

«በመኸር ከሴይሳኩ ጋር ትጋቢያለሽ» አለ፣ ሾርባውን ሳያስቀምጥ።

ሴይሳኩ የሩዝ ሳህኑ ውስጥ ሊገባ ደረሰ። ሱማ ግን የመብያ እንጨቶቿን አስቀምጣ ቀጥ ብላ ተቀመጠች። «አባባ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ። ሴይሳኩ ጥሩ ሰው ነው፤ ግን አላገባውም። እኔ ከበሮ መቺ ሆኛለሁ።»

«ምን ሆነሻል?»

«ቺንዶን።»

ጋሼ ቶኩጂሮ ሾርባውን ጨርሶ ጠጣ። ሳህኑን አስቀመጠ። አፉን ከፈተ፤ መልሶ ዘጋው። ከዚያች ማታ ጀምሮ ለልጁ ቃል አልተነፈሰም።

መጀመሪያ ላይ መልእክተኛዋ እትዬ ኢሶ ነበሩ። ሦስቱም አንድ ገበታ ላይ ተቀምጠው፣

«ልጅሽን ሩዝ ትጨምር እንደሆነ ጠይቂያት» ይላል አባት።

«ሱማ፣ አባትሽ፣ የኔ ዓለም ሩዝ ልጨምርልሽ ወይ ይላል።»

«እንደዚያ አላልኩም።»

«እንደዚያ አላልኩም ይላል።»

«እማዬ፣ አመሰግናለሁ ጠግቤያለሁ በይልኝ።»

«ጠግባለች። ደግሞ ዛሬ ፀጉርህ ሲያምር ትላለች።»

«እንደዚያ አላልኩም!» ይላሉ ሁለቱም በአንድ ጊዜ። እትዬ ኢሶ ይህን ሲነግሩኝ ከሳቃቸው ብዛት የሱቃችንን ምሰሶ ይዘው ነበር። ጥቂት ቆይተው ግን ሰለቻቸው። «ከዛሬ ጀምሮ የማንም ፖስታ ቤት አይደለሁም፤ ምላስ የሌለው ሰው ቤቴ ውስጥ የለም» አሉና ከነገሩ እጃቸውን አወጡ።

ያኔ ነው ነገሩ ወደ እኛ ወደ ደንበኞቹ የተዛወረው። የወንዱንና የሴቱን መታጠቢያ የሚለየው ግድግዳ ጣራው ጋ አይደርስም፤ ከላይ ክፍት ነው። ጋሼ ቶኩጂሮ በወንዶቹ በኩል ሆኖ ለፀጉር አስተካካዩ «ሳሙና እንዲወጣ» ይላል። ፀጉር አስተካካዩ ከውሃው ውስጥ ሆኖ፣ «ሴቶች ሆይ! የተከበሩት የቤቱ ጌታ ሳሙና ይውጣ ብለዋል!» ብሎ ይጮሃል። እኛ ደግሞ ለሱማ እናደርሳለን። መልሱም እንዲሁ በግድግዳው ላይ ተሻግሮ ይሄዳል። መልእክቱ ሲሻገር ደግሞ እንደተላከ አይደርስም። አንድ ጊዜ እኔ ራሴ አረፋ በአረፋ ሆኜ፣ «ልጅህ ጉንፋንህ ተሻለህ ወይ ትላለች!» ብዬ ጮህኩ፤ ሱማ ያለችው ግን የበሩ መጋረጃ ተቀዷል ብቻ ነበር። ከወዲያ ማዶ የጋሼ ቶኩጂሮ ድምፅ፣ ቀስ ብሎ፣ «ተሽሎኛል በሏት» አለ። ሴቶቹ ሁሉ ፎጣችንን ነክሰን ሳቃችንን አፈንን። ሱማ ግን ፊቷን ወደ ሳንቲም ሳጥኑ አዞረች፤ ስትስቅ ነው ብዬ ነበር፤ አልነበረም።

መታጠቢያ ቤቱ እንደዚያን ሰሞን ሞልቶ አያውቅም። ከሌላ ሰፈር ሳይቀር እየመጡ ይዘፈዘፉ ነበር። ከሰዓት ታጥቦ ንጹህ የሆነ ሰው ማታ ተመልሶ ይመጣል። ሁለት ቡድንም ተፈጠረ። ከልጇ ከኪኑ ጋር የምትመጣው፣ ቶፉ የምንለውን የአኩሪ አተር አይብ የምትሸጠው ሴት፣ «ወላጅን ማሳዘን ጥሩ አይደለም፤ ያሳደጋት ውሃ ይፋረዳታል» ስትል፣ አዋላጇ፣ «አንቺ ራስሽ ከቤት ጠፍተሽ አይደል እንዴ ቶፉ ሻጩን ያገባሽው!» ትላታለች፤ ባልዲ ይወረወራል። በዚህ ሁሉ ሴይሳኩ የሰው ጀርባ እያሸ ዝም ነው። ማንም ምን ትፈልጋለህ ብሎ አልጠየቀውም። እኔም አልጠየቅኩትም።

ሱማ ግን ግዴታዋን አጓደለች የሚላት አልተገኘም። ጠዋት ከበሮ፣ ከሰዓት መታጠቢያ ቤት። ነጩ ቀለም ከጆሮዋ ጀርባ ሳይለቅላት መቀመጫው ላይ ትገኛለች። አባቷ ያንን ቀለም አይቶ ያልፋል። አንድ ቀን ከመቀመጫዋ አጠገብ እርጥብ ፎጣ ታጥፎ ተቀምጦ አገኘች። ማን እንዳስቀመጠው አልተነገረም።

በመኸር ከእኛ ሁለት መንገድ ራቅ ብሎ አዲስ መታጠቢያ ቤት ተከፈተ፤ አዲሷ ፀሐይ ይባላል። በግድግዳው ሁሉ የተለጠፉ ባለ ቀለም የሸክላ ሰቆች፣ በሰቆቹ ላይ ዓሣ ነባሪና መርከብ። ባለቤቱ ለመክፈቻው ቀን የኦሳካን ምርጥ ቺንዶን ጓድ ቀጠረ። የሃንጎሮን ጓድ ማለት ነው።

ሃንጎሮ በጣም ተጨነቀ። «የኔ ልጅ፣ ነገ ታመሻል» አላት።

«አልታመምኩም።»

«እንግዲያው በሌላ መንገድ እንዞራለን። የእናንተን ደጅ እንዘለዋለን።»

«ተቀጥረን የለም እንዴ? መንገዱ በሙሉ ተብለናል፤ መንገዱ በሙሉ ነው» አለች ሱማ።

በማግስቱ ከሰዓት በፊት ነው፤ ፀሐይ ወጥታለች። ጋሼ ቶኩጂሮ ደጁን ይጠርጋል። እኔ ሱቃችን በር ላይ የጫማ ማሰሪያ እገጥማለሁ። ከሩቅ ቺን ዶን ቺን ዶን ሲል፣ የመንገዱ ሰው ሁሉ እንደ ተጠራ ወጣ። ሁሉም ያውቃል። ፀጉር አስተካካዩ ግማሽ ፊቱ ብቻ የተላጨ ደንበኛ አስከትሎ ወጣ። እትዬ ኢሶ በመጋረጃው መሃል አንገታቸውን ብቅ አደረጉ።

መጡ። ከፊት ሃንጎሮ ባንዲራ ይዞ፣ ከኋላው ሱማ፣ ከጎኗ ኩራታ። እንደ ደንቡ መስቀለኛው መንገድ ላይ ቆሙ፤ መስቀለኛው መንገድ ደግሞ የአባቷ ደጅ ነው። ክላርኔቱ ዝም አለ። ሱማ አንገቷን ቀና አድርጋ አባቷን ሳታይ ጀመረች።

«የ... የሰፈሩ ነዋሪዎች፣ ዛሬ የሚከፈተው አዲሷ ፀሐይ መታጠቢያ ቤት...»

እንኳን ለመንገዱ ሁሉ፣ ድምፅዋ ፊት ለፊት ላለሁት ለእኔም በቅጡ አልደረሰም። መጥረጊያው ቆመ። ጋሼ ቶኩጂሮ መጥረጊያውን ተደግፎ ልጁን አያት።

«አይሰማም!» አለ አባትየው።

ከጸደይ ወዲህ ለልጁ የተናገራት የመጀመሪያ ቃል ይህ ነው።

«ምን አሉ አባባ?» አለች፣ በዚያ ነጭ ፊቷ።

«ድምፅሽ አይሰማም! ሰው ከፍሎ ቀጥሮሽ ታንሾካሹኪለታለሽ? የምትሠሪ ከሆነ በደንብ ሥሪ! ከሆድሽ አውጪው!»

ሱማ አየር ሳበች። እስከ ዛሬ ድረስ እንደዚያ ያለ ጩኸት ሰምቼ አላውቅም። «የቴንማ ነዋሪዎች ሆይ! ዛሬ የሚከፈተው አዲሷ ፀሐይ! ሰቁ የሚያበራ፣ ውሃው የሚፈላ፣ የገባ የማይወጣ!» አለች፤ ርግቦቹ ከሰፈሩ መቅደስ ጣራ ተነሡ፤ የባሌ መዶሻ ከእጁ ወደቀ። ከበሮው ተከተለ፣ ክላርኔቱ ተከተለ፣ ሰዉ በጭብጨባ አቀለጠው። ሱማ እየሳቀች፣ እያለቀሰች፣ እየመታች ነው፤ እንደገና የሜዳ አህያ ሆናለች። ጋሼ ቶኩጂሮ አንድ ጊዜ ራሱን ነቀነቀና ወደ ውስጥ ገባ።

ቅር ብሎት ነው ብለን ስናንሾካሹክ ፎጣ ትከሻው ላይ ጥሎ ተመልሶ ወጣ። «ወዴት ነው?» አሉት እትዬ ኢሶ።

«ልጄ ጠርታኛለች። ልታጠብ።»

በእውነት ወደ አዲሷ ፀሐይ ሄደ! ፀጉር አስተካካዩ ፎጣውን አንሥቶ ተከተለው፤ ግማሽ ፊቱ የተላጨው ደንበኛም ተከተለ፤ ከዚያ የመንገዱ ወንድ በሙሉ፤ ባሌም የሥራ ሽርጡን ሳያወልቅ። አዲሱ ባለቤት ያን ሁሉ ሰው ሲያይ ጎንበስ ብሎ ሰላምታ ሰጥቶ ቀና ማለት አቃተው አሉ። ጋሼ ቶኩጂሮ ውሃው ውስጥ ገብቶ፣ ዓሣ ነባሪውን በደንብ አይቶ፣ ምንም ሳይል ወጣ። ደጁ ላይ ሲመለስ ሁላችንም ከበብነው።

«ሥዕሉ ያምራል» አለ። ትንሽ አሰበ። «ውሃው ለብ ያለ ነው።»

ያን ዕለት ከሰዓት የእኛው መታጠቢያ ቤት የተለመደው ሰው ሁሉ መጣበት፤ ወንዶቹ እንኳ ሁለተኛ ሊታጠቡ መጡ። ጋሼ ቶኩጂሮ ራሱ ገብቶ ተቀምጦ ሴይሳኩ ጀርባውን ያሸዋል። ምላሱ አንዴ ስለተፈታ ይሁን ምን ይሁን፣ «አንተስ?» አለው። ከግድግዳው ወዲህ ሁሉንም እንሰማለን፤ ውሃ እንኳ መጨለፍ አቁመናል። «አንተም ዲዳ ነህ እንዴ? ልጄን ማግባት ትፈልጋለህ ወይስ አትፈልግም?»

«ጌታዬ ያዘዙኝን...»

«ያዘዝኩህን አልጠየቅኩህም!»

የማሻሸቱ ድምፅ ብቻ ይሰማል፤ እየፈጠነ፣ እየጠነከረ መጣ። «ቀስ! ቆዳዬን!» አለ ጋሼ ቶኩጂሮ። ያኔ ሴይሳኩ እንደ በሬ አገሳ። «የቶፉ ሻጩን ልጅ ነው የምፈልገው! ኪኑን ነው!»

ኪኑ ከእኛ ጋር ውሃ ውስጥ ናት። እናቷ አጠገቧ ናት። ልጅቷ ፊቷ እንደ ተቀቀለ ሸርጣን ቀላ፤ እናቷን አየች፣ ጣራውን አየች፣ ከዚያም ብድግ ብላ በግድግዳው ላይ፣ «እሺ!» ብላ ጮኸች። እናቷ ውሃው ውስጥ ሰጠመች፤ አዋላጇ ናት ያወጣቻት። የወንዱም የሴቱም በኩል ባልዲውን ይመታ ጀመር፤ ያ ጣራ ያን ቀን እንዴት እንዳልተነሣ አይገባኝም።

ደንበኛው ሲቀንስ አባትና ልጅ በመግቢያው ተያዩ። እኔ ጫማዬን እያጠለቅኩ ነበር፤ ቀስ ብዬ አጠለቅኩት።

«አባባ፣ ያን ሁሉ ጊዜ ለምን ዝም አሉኝ?» አለች ሱማ።

«ያን ማታ አንድ ቃል አፌ ላይ መጥቶ ነበር። ቢወጣ አይመለስም። እሱን ውጦ መጨረስ ጊዜ ወሰደብኝ።» የያዘውን ፎጣ አጠፈና ጨመረ። «እኔም እዚህ የገባሁት ማንም ሳይጠይቀኝ ነው። ደግ ነው ብዬ ነበር፤ ለሰውም ደግ የሚሆን መስሎኝ።»

እትዬ ኢሶ ከውስጥ ሰምተው ወጡ። «አንተ ሰውዬ፣ ምን ልትሆን ፈልገህ ነበር እንግዲህ?»

«ዓሣ አጥማጅ።»

«አንተ! የወንዝ ጀልባ ላይ የሚያስመልስህ! አንድ ዓሣ ሳትይዝ ትሞት ነበር!»

ጋሼ ቶኩጂሮ ሳቀ። እኔ ድምፁን ሰምቼ ሌላ ሰው የገባ መስሎኝ ዞር አልኩ።

በዓመቱ መጨረሻ ሴይሳኩና ኪኑ ተጋቡ፤ የጥድ መታጠቢያ ቤትም ሁለቱን ባልና ሚስት በአንድ ላይ ልጅ አድርጎ ተቀበላቸው፤ ስሙንም ወረሱ። ያ በሕግም በልማድም ያለ ነገር ነው፤ ማንም ቀድሞ ያላሰበው ሁላችንም ሳቅ ስለያዘን ይሆናል። ሱማ እህታቸው ሆነች። በሰርጉ ድግስ ላይ የኪኑ አባት ያመጣው ቶፉ ለሦስት ሰፈር ይበቃ ነበር።

በሚቀጥለው ጸደይ የሃንጎሮ ጓድ ለበዓል ወደ ዋካያማ ተጠራ። ሁላችንም ሱማን ልንሸኝ ባቡር ጣቢያ ሄድን። እትዬ ኢሶ የሩዝ ጥቅልሉን፣ ወፍራም ካልሲውን፣ የጉሮሮ መድኃኒቱን በእጄ ካላስቀመጥኩ አላምንም ብለው የባቡሩ ሠረገላ ውስጥ ገቡ። ፊሽካው ተነፋ። እኛ «እትዬ ኢሶ! ውረዱ!» እያልን መስኮቱን ስንደበድብ፣ እሳቸው ዕቃውን አንዴ ወደዚህ አንዴ ወደዚያ ያደላድላሉ። ባቡሩ ሄደ። መጨረሻ ላይ ያየናቸው በመስኮት መሀረብ ሲያውለበልቡ ነው፤ ሲደነግጡ ግን አላየንም።

ጋሼ ቶኩጂሮ የባቡሩን ጭራ እያየ፣ «ይህች ሴት ካገባኋት ወዲህ ከቴንማ ወጥታ አታውቅም» አለ። ተቆጥቶ ነው ወይስ ደስ ብሎት፣ ባሌና እኔ እስከ ቤት ድረስ ተከራከርንበት።

ጓዱ ከበዓሉ ሲመለስ እትዬ ኢሶም ተመለሱ። ፊታቸው በፀሐይ ጠቁሯል፤ ፕለም የሚባል፣ በጨው የተዘፈዘፈ አንድ በርሜል የዋካያማ ጎምዛዛ ፍሬ አስጭነዋል። በአንድ ገበያ ላይ ሃንጎሮ ጉሮሮው ሲዘጋ እሳቸው ቀለም ተቀብተው ባንዲራ ይዘዋል አሉ። «ባቡሩ ሳይነገረኝ ሄደ እኮ» ይላሉ ለጠየቃቸው ሁሉ፤ የበርሜሉን ክዳን ከፍተው፣ ለእያንዳንዳችን ሁለት ሁለት ፕለም እያደሉ።